ባሕር የማያየው መስኮት

ባለፈው እሑድ ጠዋት ስልኬ ላይ አንድ ፎቶ ገባ። ጽሑፍ የለውም፤ ፎቶ ብቻ ነው። ትከሻ ለትከሻ የተያያዙ፣ ነጭ የተለሰኑ ረጃጅም ቤቶች፤ ደጃፋቸው ላይ ሁለት ሁለት ዓምድ፤ በየፎቁ ጥቁር የብረት በረንዳ፤ መስኮቶቻቸው ደግሞ እንደ ነፍሰ ጡር ሆድ ወደ ውጭ የተነፉ። በፎቶው ጥግ ቁራጭ ግራጫ ባሕር ይታያል። የላከው ማርቆስ ነው። ማርቆስ ዛሬ እንግሊዝ አገር፣ ብራይተን በምትባል የባሕር ዳር ከተማ፣ አዛውንቶች በሚጦሩበት ቤት ይሠራል። ፎቶውን አይቼ ስልኩን አስቀመጥኩ። ሻይ ጠጣሁ። እንደገና አነሳሁት። መስኮቱን አውቀዋለሁ፤ ባሕሩን ግን አላውቀውም።

ለትዝታ ገና ነህ ይሉኛል። ሠላሳ አምስት እንኳ አልሞላሁም። ግን ጆሃንስበርግ ሰውን ቶሎ ያሸመግላል። አዲስ የመጡት ልጆች «ጋሼ፣ ድሮ እንዴት ነበር?» ሲሉኝ መጀመሪያ መጀመሪያ ማንን ነው ብዬ ወደ ኋላዬ እዞር ነበር፤ አሁን ዝም ብዬ እመልሳለሁ። ድሮ ማለት ከሰፈራችን ከሂልብሮው መሃል ከተማ በታክሲ በጥቂት ራንድ የሚወረድበት፣ ኮታ የሚሉት ዳቦ ውስጡን ተቦርቡሮ ድንች ጥብስና ቋሊማ ታጭቆበት ለሁለት ሰው የሚበቃበት ጊዜ ነው። ጫማ ሹል የሆነበት፣ ሸሚዝ አንገቱ ሌላ ቀለም፣ ገላው ሌላ ቀለም የሆነበት ጊዜ። ከታክሲዎቹ የሚወጣው ሙዚቃ ደረት ይመታ ስለነበር ሰው መንገድ ላይ ሳያውቀው በምቱ ይራመዳል። ሥራዬ ሎኬሽን ነበር። ሎኬሽን ማለት የአልጋ ልብስና መጋረጃ ትከሻ ላይ ጭኖ በዳር ያሉትን የጥቁሮች ሰፈሮች እየዞሩ በር ማንኳኳት ነው። እኔ ቶኮዛን እዞር ነበር። «ሳውቦና ማማ» ብዬ በዙሉ ሰላምታ እጀምራለሁ፤ እማማ ሥቃ ትመልሳለች፤ መጋረጃው ግን ብዙውን ጊዜ አብሮኝ ይመለሳል። ማታ ማታ ግጥም እጽፋለሁ። ግጥም ማንም አላስተማረኝም፤ የምጽፈውም የብስኩት ካርቶን ተርትሬ፣ ንጹሕ በሆነው በውስጡ በኩል ነበር።

የምንኖርበት ቤት ሂልብሮው ዳር፣ ቁልቁለቱ ከሚጀምርበት ላይ ነው። ዙሪያውን ሰማይ ጠቀስ ፎቆች ከበውት እሱ ብቻ አጭር ነው፤ አዋቂዎች መሃል የቆመ ልጅ ይመስላል። ባለ ሦስት ፎቅ፣ ድሮ ነጭ የነበረ፣ በኋላ የጥርስ ቀለም የያዘ። መግቢያው ላይ ሁለት ዓምድ አለ፤ አንደኛው ላይ ማን እንደተኮሰው ማንም ያልጠየቀው የጥይት ምልክት ነበረ። በረንዳዎቹ ላይ ብረቱ እንደ ሐረግ ተጠማዝዞ ቅጠል ያወጣል፤ በቅጠሎቹ መሃል የኛ ካልሲዎችና የናይጄሪያውያን ጎረቤቶቻችን የሳተላይት ሳህኖች ተንጠልጥለዋል። ከበሩ በላይ በልስን ፊደል «ኬምፕ ታውን» ተብሎ ተጽፎ ነበር፤ ግማሹ ፊደል ረግፏል። እናም በእያንዳንዱ ፎቅ፣ በመንገዱ በኩል፣ ያ መስኮት። ግድግዳው በቀጥታ መጥቶ መጥቶ ድንገት ሆዱን ይነፋል፤ መስታወቱም አብሮት ይጎብጣል። ውስጡ አንድ ፍራሽ ልክክ ብሎ ይገባል።

ስለ መስኮቱ የነገረችን ጎጎ ናት። ምድር ቤት የምትኖር አሮጊት ነጭ ሴት ነበረች፤ ነጮቹ ሁሉ ሰፈሩን ለቅቀው ሲሄዱ እሷ ቀረች። ስሟ ጂን ነው፤ ሰፈሩ ግን በዙሉ ቋንቋ ጎጎ፣ አያቴ፣ ይላታል። ሐምራዊ ሹራብ፣ የወንድ ጫማ፣ ሁልጊዜ በእጇ የዳቦ ከረጢት። አንድ ቀን ደረጃው ላይ ይዛኝ «ይህ ቤት ከየት እንደመጣ ታውቃለህ?» አለችኝ። «ቤት ይመጣል እንዴ?» አልኳት። «ይህኛው መጥቷል። እኔ የተወለድኩበት ከተማ ውስጥ ባሕሩ ዳር እንዲህ ያለ ቤት በሰልፍ ቆሟል። በግማሽ ጨረቃ የተደረደረ አለ፤ አደባባይ የከበበ አለ፤ መሃሉ ላይ ለነዋሪዎቹ ብቻ የሚከፈት የአትክልት ቦታ አለ። የሠራው ሰውዬ የኔ አገር ሰው ነው። እዚህ መጥቶ በወርቁ ከበረና አገሩ ናፈቀው። ሰልፉን በሙሉ ሊሠራ ጀምሮ አንዱን ብቻ ሠርቶ ቀረ። ገንዘቡ ይሁን ናፍቆቱ ያለቀበት አላውቅም።» መስኮቱስ ለምን ያብጣል አልኳት። ሣቀች። «በስተኋላ ያሉት ቤቶች ባሕሩን ፊት ለፊት አያገኙትም። ስለዚህ ሆዳቸውን ነፍተው በጎን ያዩታል። ወንበርህ ላይ ተቀምጠህ ግራም ቀኝም ታያለህ፤ መንገዱን ሁሉ እስከ ውሃው።» የኛ መስኮትም ግራም ቀኝም ያያል፤ ግን ከዚህ እስከ ባሕር የአንድ ሙሉ ቀን መንገድ ነው። በግራ ያ ቀጭኑ ረጅም ማማ፣ በቀኝ ቁልቁለቱ፣ ታክሲዎቹ የሚጠመዘዙበት ጥግና ነዳጅ ማደያው፣ ከዚያ ወዲያ ከማዕድን ጉድጓድ የወጣ ቢጫ አፈር ተራራ። በዚያ ሰሞን ካርቶን ላይ እንዲህ ብዬ ጻፍኩ፦

ባሕር ሊያይ ተነፍቶ፣ አቧራ ያየ ቤት፣
አንተም እንደኛ ነህ፣ የመጣህ በስሕተት።

ለማርቆስ አነበብኩለት። «እኔ በስሕተት አልመጣሁም» አለ፤ «በሽንኩርት መኪና ነው የመጣሁት።»

ክፍላችንን በመጋረጃ ከፋፍለን ስምንት ሆነን እንኖርበት ነበር። አለቃችን ጋሽ ደበበ ነበሩ፤ የአዲስ አበባ ሰው፣ ዕድሜያቸው ከሁላችንም የገፋ፣ ጾም የማይገድፉ፣ ሱሪያቸውን ፍራሽ ስር አስተኝተው የሚተኩሱ። አንድ ሕግ ነበረን። መስኮቱ የአዲስ መጪ ነው። አገሩን ለቅቆ የመጣ ሰው የጥገኝነት ወረቀቱን እስኪያወጣ ከቤት አይወጣም፤ ፖሊስ ይይዘዋል፣ ወሮበላ ይገፍፈዋል። ስለዚህ ፍራሹ መስኮቱ ሆድ ውስጥ ይነጠፍለትና ከተማውን ከላይ ሆኖ ይማራል። ማን ሌባ እንደሆነ፣ ማን ሌባ መስሎ ደግ እንደሆነ፣ ታክሲ ሲጠራ ጣት እንዴት እንደሚነሳ። ጠቋሚ ጣት ወደ ላይ ሲሆን መሃል ከተማ ማለት ነው፤ ሌላ ምልክት ሌላ ሰፈር ነው፤ ይህን ሁሉ እዚያ ፍራሽ ላይ ተንበርክኬ ተምሬያለሁ። ጎጎ በጠዋት ስታልፍ ቀና ብላ መስኮት ላይ ያለውን አዲስ ፊት ካየች «ዌልካም!» ብላ ትጮህ ነበር።

ማርቆስ ከከምባታ ነው። ዛንድስፕሩት በሚባል የድሆች ሰፈር፣ በቆርቆሮ ሱቅ ውስጥ ዳቦ፣ ወተትና የስልክ ካርድ ይሸጥ ነበር፤ በእረፍቱ እኛ ዘንድ ይመጣል። ሲሠራ መዝሙር ያንጎራጉራል፤ ቁጣ አያውቅም። በዚያ ክረምት፣ እዚህ ብርዱ በሚጠናበት ወራት፣ ሱቁን ለባልደረባው ትቶ ክፍላችን መጣና ጠቅልሎ ተቀመጠ። ታናሽ ወንድሙ ታምራት እየመጣ ነው። ኬንያን አልፏል፣ ታንዛኒያን አልፏል፣ ማላዊ ገብቷል። ማርቆስ ፍራሽ ገዛ። አንበሳ የተሣለበት ወፍራም ብርድ ልብስ ገዛ። ጄፒ ከሚባለው የሐበሾች ገበያ ውስጡ ጸጉራም የሆነ ሰማያዊ ጃኬት ገዝቶ መጣና ለኔ አለበሰኝ። «ዙር እስቲ። ቁመቱ እንዳንተ አጭር ነው፤ ካንተ ግን ያምራል።» «ከኔ የሚያምር አጭር የለም» አልኩት። «ገጣሚ ሁሉ መስታወት የለውም» አለና ጃኬቱን መልሶ በጥንቃቄ አጠፈው። ከዚያ መስኮቱ ላይ ተቀምጦ ለወንድሙ የሚያሳየውን ይለማመድ ጀመር። «ያ ማማ ነው። ያ ማደያ ነው። ያቺ ሴትዮ በቆሎ ጠባሽ ናት፤ ሳውቦና በላት።»

ረቡዕ ከቀትር በኋላ ጋሽ ደበበ ጋ ስልክ መጣ። ደረጃው ላይ ወጥተው አናገሩ። ሲመለሱ ማርቆስ ሻይ እየቀዳ ነበር፤ ተቀብለው ቁጭ አሉ፤ ስኳር ሳይጨምሩ ጠጡት። ማርቆስ ለወንድሙ ትራስ ሊገዛ ሲወጣ በሩን ዘጉና ነገሩን። ታምራት ማላዊ ውስጥ በወባ ሞቷል። አብረውት የሚጓዙት ልጆች አንዲት ትንሽ ከተማ ቤተ ክርስቲያን አጠገብ ቀብረውት መንገዳቸውን ቀጥለዋል።

መርዶ እንዴት እንደሚነገር እናውቃለን። ለብቻው ላለ ሰው አይነገርም። ቆሞ ላለ፣ መንገድ ላይ ላለ፣ ሥራ ላይ ላለ ሰው አይነገርም። ዘመድ ተሰብስቦ፣ ማልዶ፣ ሰውየው ከቤቱ ሳይወጣ ይነገራል። የማርቆስ አጎት ቶኮዛ ሱቅ አላቸው፤ የቤተ ክርስቲያኑ ሽማግሌዎች በየሰፈሩ ተበትነዋል፤ ሁሉም ሱቁን የሚያስጠብቅለት ሰው ፈልጎ መምጣት አለበት። ቅዳሜ ማለዳ ተባለ። እስከዚያ እኛ ስምንት ሆነን ምላሳችንን ነክሰን መኖር ነበረብን። ማርቆስ ስልክ ይደውላል፤ አይነሳም። «ኔትወርክ ነው» ይላል። «ድንበር ላይ ተራ እየጠበቁ ይሆናል» ይላሉ ጋሽ ደበበ፣ ፊታቸውን ወደ ግድግዳው አዙረው።

ጎጎ ከፊታችን አንብባ ኖሮ ዓርብ ዕለት እኔንና ጋሽ ደበበን ደረጃው ላይ አቆመችን። ነገርናት። ዳቦዋን ደረቷ ላይ አቅፋ ቆመች። «ታውቃላችሁ? ታውቃላችሁና ትራስ ሲገዛ ዝም ትላላችሁ?»

ጋሽ ደበበ እንግሊዝኛቸው ቀጭን ነው፤ ለኔ በአማርኛ እየነገሩኝ እኔ አስተላለፍኩ። «እሳትን በአንድ እጅ አያቀብሉም በላት። ሲወድቅ የሚይዘው እጅ እስኪሰበሰብ ነው።»

«በኛ ዘንድ ወዲያው ነው የሚነገረው» አለች። «አባቴ ሲሞት በስልክ ነገሩኝ። እዚህ፣ እዚህ ደረጃ ላይ።» ዓምዱን በመዳፏ ነካ ነካ አደረገችው። «ማንም አልነበረም» አለች።

ዓርብ ማታ ጋሽ ደበበ ማርቆስን ከመስኮቱ ሊያነሱት ሞከሩ። ሽማግሌዎቹ ማደያው ጥግ ተገናኝተው በአንድነት እንደሚመጡ ያውቃሉ፤ ከመስኮቱ ደግሞ ጥጉ ይታያል። «ልጄ፣ ብርዱ ይጎዳሃል፤ ዛሬ እዚህ እኔ አጠገብ ተኛ።»

«ጋሼ፣ እኔ ከዚህ ከተነሳሁ ታምራት ቤቱን በምን ያውቀዋል? በስልክ ነግሬዋለሁ እኮ። ሆዱን የነፋ ቤት ስታገኝ ቀና በል፤ መስኮቱ ላይ እኔ አለሁ ብዬዋለሁ።»

ጋሽ ደበበ ወደኔ ዞሩ። ከሸቀጤ መሃል ወፍራሙን መጋረጃ አውጥቼ እንድሰቅል በዓይናቸው ጠቀሱኝ። ሰቀልኩት። ቀጥ ያለ መጋረጃ ግን የጎበጠ መስኮትን አይሸፍንም፤ ወይ በግራ ወይ በቀኝ ክፍተት ይተዋል። ማርቆስ እያየኝ ሣቀ። «ስንት ዓመት መጋረጃ ሸጠህ፣ አንድ መስኮት አቃተህ?»

ቅዳሜ ገና ጎህ ሲቀድ ማርቆስ ለጸሎት ተነሣ። እኛ ሁላችን ነቅተን፣ ተኝተን በመምሰል፣ ብርድ ልብስ ውስጥ ነበርን። ጸለየ። ከዚያ የመጋረጃው ቀለበት በሽቦው ላይ ሲንሸራተት ሰማሁ።

«ገጣሚው! ተነሥ፣ መጡ! አመጡት!»

ተነሥቼ አጠገቡ ተንበረከክኩ። ከማደያው ጥግ ሁለት ታክሲ ቆሟል፤ ሰው ይወርዳል። እስትንፋሱ መስታወቱን ያጨልመዋል፤ በእጅጌው እየጠረገ ያያል። «አጎቴ ናቸው ከፊት! የቶኮዛዎቹም አሉ። ኧረ ሽማግሌዎቹም! እዩ፣ ሴቶቹም መጥተዋል! ሁሉም ሊቀበሉት ወጥተዋል፤ ለኔ ሳይነግሩኝ! ድንገት ሊያስደስቱኝ ነው!» ይሥቃል። እንደዚያ ሲሥቅ አይቼው አላውቅም። ሰማያዊውን ጃኬት ከፍራሹ ራስጌ አነሣና ዘረጋው። «ብርዱ ሳይመታው ይዤለት ልውረድ።» ግን አልወረደም፤ ዓይኑን ከመስኮቱ መንቀል አልቻለም። ዳገቱ ረጅም ነው፤ ሽማግሌዎቹ ደግሞ ቀስ ብለው ነው የሚወጡት። «የትኛው ነው? አጭር ስለሆነ መሃላቸው ተውጦ ነው። ያ ነው? አይ፣ ያ የሱቁ ልጅ ነው። ሻንጣውን ማን ይዞለታል?» ግራ አየ፣ ቀኝ አየ። መስኮቱ ሁሉንም ያሳያል፤ ከጥግ እስከ ደጃፍ የሚሰወር ነገር የለም። ሰዎቹ በበቆሎ ጠባሿ ቦታ አለፉ። የጎጎን መስኮት አለፉ። ከሥራችን ደረሱ።

አንድም ሰው ቀና አላለም።

«ገጣሚው» አለኝ፣ ድምፁ ቀንሶ፤ «ለምንድን ነው ቀና የማይሉት?»

ከአጠገቡ ተነሣሁ። ወደ ክፍሉ ዞረ። ጋሽ ደበበ ጋቢያቸውን ለብሰው ቆመዋል። ሌሎቹም ከብርድ ልብሳቸው ወጥተው ቆመዋል። በቅዳሜ ማለዳ በዚያ ክፍል ማንም ጫማ አያደርግም። ሁላችንም ጫማ አድርገናል። ማርቆስ አንድ በአንድ እግራችንን አየ።

«እናንተም ለብሳችኋል» አለ።

በሩ ሲንኳኳ ጃኬቱ ገና እጁ ላይ ነበር። የቀረውን አልጽፈውም፤ ሰው ሁሉ አንድ ጊዜ ይሰማዋል። የለቅሶው ሰሞን እዚያው መስኮቱ ሆድ ውስጥ፣ ለወንድሙ በገዛው ፍራሽ ላይ ተቀመጠ። ከምባታዎቹ በቋንቋቸው ዘመሩ፤ ጋሽ ደበበ ሰንበቴ እንዳላቸው ሰው እንግዳ አስተናገዱ። ጎጎ ስስ ሲኒ በሳህን ይዛ ሦስት ፎቅ ወጣች፤ ሻዩ ግማሹ ሳህኑ ላይ ፈስሷል። አጠገቡ ተቀምጣ እጁን ያዘች። ስትወጣ ደረጃው ላይ ለኔ «አሁን ገባኝ፤ እጁን እየቆጠርኩ ነበር» አለችኝ። በክፍሉ ውስጥ ያለውን ሰው ብዛት ማለቷ ነው።

ከዚያ በኋላ ሽማግሌዎቹ አንድ ነገር ተስማሙ። ወደዚያ ቤት መርዶ ይዞ የሚሄድ ሰው በፊት ለፊቱ መንገድ አይሄድም። በጓሮ፣ ቆሻሻ በሚወጣበት ቀጭን መተላለፊያ፣ አንድ በአንድ፣ በብረቱ መሰላል። ቤት ተለወጠ፣ ሰው ተለወጠ፣ ሕጉ ግን ቀረ። ዛሬም ልጆቹ እንደዚያ ያደርጋሉ፤ ከየት እንደመጣ የሚያውቅ ግን የለም፤ የአባቶች ወግ ይመስላቸዋል። ማርቆስ ወደ ሱቁ ተመለሰ፤ ከዚያ ሱቁ ተዘረፈ፤ ከዚያ ሌላ ሱቅ፤ ከዚያ ረጅሙ መንገድ ወደ እንግሊዝ፤ እሱን ራሱ ይንገረው። ጋሽ ደበበ አገራቸው ገብተው አረፉ። ጎጎ አንድ ክረምት በሯ አልተከፈተም።

ፎቶው በመጣ ዕለት ከቀትር በኋላ በእግሬ ወደዚያ ሄድኩ። ከበሩ በላይ አንድም ፊደል አልቀረም። ዓምዶቹ መሃል በጣት አሻራ የሚከፈት የብረት በር ተተክሏል። ልስኑ ተገሽልጦ ቀይ ጡቡ ወጥቷል፤ ከጎበጡት መስታወቶች ብዙዎቹ ተሰብረው ቀጥ ያለ ጣውላ ተመትቶባቸዋል፤ ሆዱ የተቀደደ ይመስላል። የኛ ግን አለ። ከማዶ በኩል ቆሜ ለማርቆስ ደወልኩ።

«አየኸው?» አለኝ። ከጀርባው የባሕር ወፍ ይጮሃል።

«አየሁት። እውነት ነበር ለካ።»

«ኬምፕ ታውን ይሉታል ሰፈሩን። ስሙ ራሱ ነው። የጎጎ ሰፈር። የእረፍቴ ቀን እየሄድኩ ማዶ ላይ እቆማለሁ። ሥራ ፈት ሰው ነው የሚሉኝ ይመስለኛል። ገጣሚው፣ እዚህ ሰልፉ ሙሉ ነው። ማለቂያ የለውም። በየመስኮቱ ሆድ ውስጥ ወንበር አለ፤ ሰው ግን የለም።»

«ባሕሩስ?»

«በጎን ይታያል። እንዳለችው።»

ከዚያ፣ ደስ ይለዋል ብዬ፣ ስለ ጓሮው መንገድ ነገርኩት። ካንተ በኋላ ማንም ያንን አላየም፤ በጓሮ ነው የሚመጡት፣ አንድ በአንድ አልኩት።

ወፏ ብቻ ትጮሃለች። የተቋረጠ መሰለኝ።

«በኔ ምክንያት?» አለ በመጨረሻ።

«ባንተ ምክንያት።»

«ማን ጠየቀኝ?» ማርቆስ ሲቆጣ ያን ቀን ብቻ ሰማሁት። «ስማኝ፣ ወንድሜ። እነሱ ከማደያው ጥግ ተነሥተው ደጃፉ እስኪደርሱ ድረስ ታምራት ጆበርግ ገብቶ ነበር። ገባህ? መጥቶ ነበር እኮ። መሃላቸው ነበር። ጃኬቱን ይዤለት ነበር። ከዚያ በፊትም ከዚያ በኋላም አልመጣም። ዳገቱ ረጅም በመሆኑ ስንት ጊዜ እግዚአብሔርን እንዳመሰገንኩ ታውቃለህ? ያን ከሰው አትውሰዱ።»

ደህና ዋል አልኩት፤ ተባረክ አለኝ። ስልኩን ኪሴ ከተትኩ። መንገዱ ላይ ታክሲዎች ይጠመዘዛሉ፤ አንዱ ሾፌር ወዴት ነህ ለማለት ጥሩንባውን ነካ አደረገልኝ። ጣቴን ላነሣ ስል ከላይ፣ በኛ መስኮት ውስጥ፣ አንድ የማላውቀው ሰው መስታወቱን በእጅጌው ሲጠርግ አየሁ። ግራ አየ፣ ቀኝ አየ፣ ከዚያ ወደ ታች አየ። ታክሲውን ተውኩት።

ቀና አልኩ፤ እስኪያየኝም ድረስ ቀና እንዳልኩ ቆየሁ።